ሁለተኛው ሸሚዝ

አንድ ጣቃ ዘርግቼ፣ ሁለት ሸሚዝ እቆርጣለሁ፣
በአንድ ልክ፣ በአንድ ክር፣ አንገትጌውን እሰፋለሁ።
አንዱ የብራይስ ሃርላንድ፣ ስሙ ጎልቶ የሚጻፍ፣
አንዱ የኦርቪል ታገርት፣ ከሰገነት የሚራገፍ።
ማታ ሁለቱ ሲመለሱ፣ ማንም ሳይነግረኝ አውቃለሁ፦
የአንዱ ብብት ሽቶ ሽቶ ይሸታል፣
የሌላው ክርኑ የለም፤
አሸዋ፣ የፈረስ ላብ፣ ትንሽ ደም።
ደም በቀዝቃዛ ውሃ ነው። በሙቅ ከነከሩት አይለቅም።

ቻትስዎርዝ፣ ቋጥኙ ላይ፣ የሐምሌ ፀሐይ ስትጠብቅ
ዳይሬክተሩ በጡሩምባው፦ "ታገርት! ፊትህን ደብቅ!"
ባርኔጣውን ወደ ቅንድቡ፣ አገጩን ወደ ደረቱ፣
እንዲህ ነበር ወደ ሥራ መግቢያ በሩ፣ ሰዓቱ።
ታች ባዶ ካርቶን ደርድረዋል፣ የሳሙና፣ የቲማቲም ጣሳ፣
ሰባ ካርቶን ለአንድ አከርካሪ። ፍራሹን ማን እንደረሳ
አልተጠየቀም ያን ቀን፤
ወደቀ፣ ጥርሱን በምላሱ ቆጠረ፣ ተነሳ።

እሱ ሲነሳ ካሜራው ዞሯል፤ ሃርላንድ አቧራ ያራግፋል፣
ያልወደቀበትን አቧራ፣ በነጭ መሐረብ ይጠርጋል።
ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ካሜራው ፊት ነሳው፣
ፊት እየነሳው ታዲያ፣ ጀርባውን አነሳው።

ሒሳቡ በውድቀት ነው። ከፈረስ ሠላሳ አምስት ዶላር፣
ከሰገነት ስልሳ፤ እሳት ካለበት፣ ድርድር።
"ሰው ሲወድቅ ይከስራል" ይለኛል፣ እጅጌውን ስጥፍለት፣
"እኔ ስወድቅ ነው ኪራዩን የከፈልኩት።"
አንዱ ጀማሪ ልጅ ሲጠይቀው ሰምቻለሁ፣ አየር ላይ ምን እንደሚያስብ፦
"አትቸኩል" አለው። "መሬት የትም አይሄድ።"
ሚስቱ ኔታ ሲኒማ ቤት ሦስተኛው ረድፍ ላይ ትቀመጣለች፤
ሕዝቡ ለሃርላንድ ሲያጨበጭብ፣
እሷ ማጅራቱ ላይ ያለችውን ጠባሳ ፈልጋ ታገኛለች።

ከዚያ ዳሌው ተሰበረ።
ሠረገላው ነው፤ ልጓም የያዘው ልጅ ፈዞ።
የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል፤
በእሱ ላይ የበዛው ቅጽ ነበር፣ የኢንሹራንስ ቅጽ።
በመጨረሻ ስቱዲዮው አዘነለት፣ ሚና ሰጠው፤
ቴሌግራፈኛ፣ ወንበር ላይ የተቀመጠ፣
ንግግሩም ይቺው፦
"ጌታዬ፣ ለእርስዎ የመጣ የለም።"

ልኩን ልወስድ ተጠራሁ።
"ስንት ሸሚዝ?" አልኩ፣ በልማድ።
"አንድ። ማን ሊወድቅ?"
መቀሴ እጄ ላይ ቀረ።
ለዚያ ሰው አንድ ብቻ ስሰፋ የመጀመሪያዬ ነበር፤
ቁልፎቹን ሁለት ሁለቴ አጠበቅሁ፣
ማንም ላያየው የአንገትጌውን ውስጥ በሐር።

ከአርባ ሰገነት ሲዘል ያልራደው ጉልበት
ከጠረጴዛው ሥር ራደ።
መብራቱ መጣ። ፊቱን ሊደብቅ ቃጣው።
"ታገርት፣ ቀና በል!" ያው ጡሩምባ፣ ያው ሰውዬ።
አሥራ አራት ጊዜ ተነሳ፤
በአሥራ አምስተኛው ወጣለት።

ፊልሙ የወጣ ማታ ከኔታ ጎን ነበርኩ።
ኦርቪል መጣ፣ በሙሉ ፊቱ፣ በእኔ ሸሚዝ፣
አፉን ከፈተ፤
የሌላ ሰው ድምፅ ወጣ።
ወፍራም፣ የሬዲዮ ድምፅ፣ ቅቤ የጠጣ፦
"ጌታዬ፣ ለእርስዎ የመጣ የለም።"

ኔታ እጄን ጨመቀችው። እሱ ግን በጨለማው ሳቀ፣
የተጠገነ ዳሌውን ይዞ ሳቀ፦
"ያ ምስኪን! ስሙን እንኳ አልጻፉለት።
እኔ አፌን ስከፍት እሱ ከየት ወደቀ?"

ሸሚዙን ከመጋዘን አወጣሁት። ሰረቅሽ ካላችሁኝ፣ ሰረቅሁ።
ክርኑ ሙሉ ነው። አሸዋ የለውም።
ብብቱ ላይ ብቻ ሁለት የላብ ክብ፣
ነጭ፣ የጨው ጠርዝ ያለው።
በቀዝቃዛም በሙቅም
አላጠብኩትም።